ባዶ ወረቀት ላይ ያረፈ አሻራ

እኔ ወልደዮሐንስ በነቀምቴ ፍርድ ቤት ሃያ ሁለት ዓመት በአስተርጓሚነት ሠርቻለሁ። አባቴ ከሸዋ መጥቶ ወለጋ የቀረ ሰው ነው፤ እናቴ የዚያው አገር ሴት ናት። ስለዚህ አፌን የፈታሁት በሁለት ቋንቋ ነው። ባለጉዳዩ በኦሮምኛ የሚለውን ለዳኛው በአማርኛ፣ ዳኛው የሚለውን ለባለጉዳዩ በኦሮምኛ አደርሳለሁ። እውነቱን ልናገርና፣ ሲደክመኝ ባላገሩ ሩብ ሰዓት ያወራውን «ተበድያለሁ ይላል» ብዬ የምጨርስበት ቀን ነበር። ዛሬ ስለ ሰው ጥፋት ልጽፍ ስለተነሣሁ የራሴን ማስቀደም ይገባኛል።

የምጽፈው ስለ አቶ ጉሉማ ሞረዳ ነው። አሁን የሕግ መምሪያ ምክር ቤት እንደራሴ ነው፤ ፎቶግራፉ በነቀምቴ ሻይ ቤቶች ግድግዳ ላይ ተሰቅሏል። ሰዎች «በአንደበቱ ነው እዚያ የደረሰው» ሲሉ እሰማለሁ፤ እበሳጫለሁም። አንደበተ ርቱዕ ጠበቃ በነቀምቴ ሞልቷል፤ ግማሾቹ ዛሬም ፍርድ ቤቱ በር ላይ ቁጭ ብለው ማመልከቻ ይጽፋሉ። ጉሉማን ለእንደራሴነት ያበቃው አንድ ትልቅ ስሕተቱና ከዚያ በኋላ ያደረገው ነው። ነገሩን ከነዝርዝሩ ስለማውቀው ለሌላው ትምህርት እንዲሆን ላቀርበው ወደድሁ።

ጉሉማ በሚሲዮን ትምህርት ቤት ተምሮ፣ በፍርድ ቤታችን መዝገብ ቤት ውሳኔ ሲገለብጥ ኖሮ፣ በኋላ የጥብቅና ፈቃድ ያወጣ ሰው ነው። ጨለለቂ ሰፈር አንድ ክፍል ተከራይቶ ጠረጴዛ፣ ሁለት ወንበርና አንድ የብረት ሳጥን አስገባ፤ በውጭ በኩል ለባለጉዳይ ረዥም አግዳሚ አሠራ። ፀሐይ ሳይሞቅ አግዳሚው ይሞላል። ከኪራሙ የመጣ አለ፣ ከኑኑ ቁምባ የመጣ አለ፣ ከአርጆ የመጣ አለ። ሌሎቻችን የምናቋርጠውን ነገር ጉሉማ እስከ መጨረሻው ይሰማል። እናቶችን «ሃርሜ»፣ ሽማግሌዎችን «አባ» እያለ በቋንቋቸው ያናግራቸዋል፤ ከዚያ ችሎት ገብቶ በጠራ አማርኛ ይሟገትላቸዋል። የደንበኛውን ጉዳይ ለባላጋራ አሳልፎ ሲሰጥ አንድም ቀን አልታየም። ጨዋ ሰው ነበር፤ ይህን ልብ በሉልኝ።

ታዲያ ይህ ጨዋ ሰው አንድ ልማድ ነበረው፤ ልማዱንም ሁላችን እንወደው ነበር። ከኑኑ ቁምባ ነቀምቴ በእግር ሁለት ቀን ነው፤ ክረምት ከሆነ ሦስት። አንድ ክስ ደግሞ በአንድ ማመልከቻ አያልቅም፤ መልስ አለ፣ የመልስ መልስ አለ፣ የቀጠሮ ለውጥ አለ። ባላገሩ ለእያንዳንዱ ወረቀት ማሳውን ጥሎ መመላለስ ስለሚከብደው፣ ጉሉማ ገና በመጀመሪያው ቀን አምስት ባዶ ወረቀት ያወጣል። በየወረቀቱ ግርጌ በእርሳስ ትንሽ ክብ ያደርጋል። ባለጉዳዩ አውራ ጣቱን ቀለም አስነክቶ በአምስቱም ክብ ውስጥ ያሳርፋል። ከዚያ ወደ አገሩ ይመለሳል፤ ጉሉማም ጉዳዩ የሚፈልገውን በጊዜው ከአሻራው በላይ እየጻፈ ያስገባል። ሰዉ ይህን «የመንገድ አሻራ» ይለው ነበር፤ መንገድ ያስቀራልና።

አንድ ቀን እንደ ቀልድ አድርጌ፣ «አንተ ጉሉማ፣ ይህ ሁሉ የሰው አሻራ ሳጥንህ ውስጥ ተከማችቶ አያስፈራህም?» አልሁት።

«የሚያስፈራው ሌባ ቤት ቢሆን ነው። እኔ ቤት ምን ይሆናል?» አለኝ። ሁለታችንም ሳቅንና ነገሩ በዚያው አለፈ።

በ፲፱፻፶፯ ዓ.ም. የእንደራሴዎች ምርጫ ሲቃረብ፣ አባ ታፋ የሚባሉ የተከበሩ የጨርቅ ነጋዴ ጉሉማን ለውድድር ገፋፉት። ተመዘገበ። አባ ታፋም በየገበያው እየዞሩ ስሙን ያስጠሩለት ጀመር።

በዚያው ሰሞን የወይዘሮ ድርቤ ክርክር ለፍርድ ደርሶ ነበር። ድርቤ የኑኑ ቁምባ ሴት ናት። ባሏ ከሞተ በኋላ ደረሳ የሚባለው የአካባቢው ባላባት «ወንዝ ዳሩ የእኔ ነው» ብሎ መሬቷን ተከራከራት። ያ መሬት ከተወሰደ ለእርሷና ለልጆቿ የሚቀራቸው ድንጋያማ ተዳፋት ብቻ ነው፤ የደረሳ ጭሰኛ ከመሆን ሌላ መንገድ የላቸውም። ጉሉማ ሁለት ዓመት ተሟግቶላት፣ ምስክሮቿም ተሰምተው፣ ፍርዱ ለእርሷ እንደሚሆን ሁላችንም እርግጠኞች ነበርን።

በቀጠሮው ቀን ደረሳ ጋቢውን አስተካክሎ ተነሣና አንድ ወረቀት ለዳኛው አቀረበ። «እኔ ድርቤ ከአቶ ደረሳ ጋር በሽማግሌ ታርቄ የወንዝ ዳሩን መሬት ለቅቄላቸዋለሁ» ይላል። ከግርጌው አሻራ አለ።

ዳኛው ወደ ድርቤ ዞሩ። «ይህ አሻራ የአንቺ ነው?»

ተረጎምሁላት። ወረቀቱን ተቀብላ አውራ ጣቷን አጠገቡ አስጠግታ አየች። ጣቷ ላይ የቆየ የማጭድ ጠባሳ አለ፤ ጠባሳው በወረቀቱም ላይ ነጭ መስመር ሆኖ ይታያል።

«ኤዬ፣ የእኔ ነው» አለች።

«እንግዲያው ታርቀሽ ለቅቀሻል።»

«ላኪ፣ የለም፤ አልታረቅሁም።»

«ታዲያ አሻራሽ እዚህ ላይ እንዴት ተገኘ?»

ድርቤ ቀና ብላ ጉሉማን አየችው። ጉሉማ ወረቀቱን ለዳኛው ሲሰጥ አይቶት ኖሮ ፊቱ ዐመድ መስሏል። በአሻራው ዙሪያ ያልጠፋ የእርሳስ ክብ ነበር። ድርቤ ዐይኗን ከእርሱ ላይ አንሥታ መሬት መሬት ማየት ጀመረች።

«ሂንቤኩ» አለች።

«አላውቅም ትላለች» ብዬ ተረጎምሁ። እያወቀች እንደሆነ ግን ከድምፅዋ ታውቆኛል። ዳኛው ፍርዱን ከሦስት ቀን በኋላ እንሰጣለን ብለው ተነሡ።

ጉሉማ ከችሎት በቀጥታ ወደ ቢሮው ሄደ፤ እኔም ተከተልሁት። ሳጥኑን ከፍቶ የድርቤን ፋይል አወጣ። ከአምስቱ ወረቀት ሁለቱ ቀደም ሲል ሥራ ላይ ውለዋል፤ ሦስት ሊቀሩ ሲገባ ያሉት ሁለት ናቸው። ጸሐፊው ተድላ በሩ አጠገብ ቆሟል።

«አንዱ የት ደረሰ?» አለው ጉሉማ ሳይጮኽ።

ተድላ አልካደም። እንዲያውም ውለታ እንደዋለ ሰው ነበር የሚናገረው። «ጋሼ፣ ጽፌ ለደረሳ የሰጠሁት ለእርስዎ ብዬ ነው። ደረሳ ክርክሩ ከተዘጋለት የጭሰኞቹን ድምፅ በሙሉ ለእርስዎ እንደሚያሰጥ ቃል ገባልኝ። ኑኑ ቁምባን ከያዝን ምርጫው አለቀ። እርሷም ብትሆን አሻራዋን ወድዳ የሰጠችው ነው።»

«ወድዳ የሰጠችው ለእኔ ነው።»

«እኔስ የእርስዎ ሰው አይደለሁም?»

ጉሉማ ወንበሩ ላይ ቁጭ ብሎ ሳጥኑን ሲያይ ቆየ። ነገሩ ለእኔም የገባኝ ያን ጊዜ ነው። በዚያ ሳጥን ውስጥ የመቶ ሰባ ሰው አሻራ አለ፤ ቁልፉን ያገኘ ሁሉ የመቶ ሰባ ሰው አፍ ሆኖ መናገር ይችላል።

ወሬው ደርሷቸው አባ ታፋ ከሰዓት በኋላ እየተቻኮሉ መጡ። «ስማኝ ልጄ፣ ምርጫው የቀረው ሦስት ሳምንት ነው። አሁን ተነሥተህ ባዶ ወረቀት ላይ አስፈርም ነበር ብትል ፈቃድህ ይታገዳል፤ ተቀናቃኞችህም መሳቂያ ያደርጉሃል። ዝም በል። እንደራሴ ሆነህ ስትመለስ ለሴትዮዋ ከዚያ የተሻለ መሬት እናፈላልግላታለን። ለአንዲት ሴት ሲባል የአገር ነገር ይቅር?»

ማፈሪያ ሆኜ እንዳልዋሽ፣ በዚያች ሰዓት የአባ ታፋ ነገር ለእኔም ልክ መስሎኝ ነበር። ራሴን በአዎንታ ነቀነቅሁ።

በማግስቱ ጉሉማ እኔን ይዞ ድርቤ ወዳረፈችበት ዘመድ ቤት ሄደ። «ሃርሜ፣ ዳኛው ሲጠይቁሽ እውነቱን ለምን አልተናገርሽም?» አላት።

«ብናገር አንተን ያወርዱሃል» አለች። «የእኔ መሬት ቢሄድ አንድ ቤት ነው የሚፈርሰው። አንተ እዚያ ትልቁ ቤት ብትገባ ግን ስንቱ ሰው አፍ ያገኛል። ልጆቼ ጎበዞች ናቸው፤ አርሰው ይበላሉ።»

«የማንን መሬት?»

ድርቤ ፊቷን ወደ በሩ አዞረች።

«የደረሳን ነው የሚያርሱት» አለ ጉሉማ። «እኔም በአንቺ መሬት ተገዝቼ እዚያ ቤት ብገባ የምናገረው ለደረሳ ነው። ሃርሜ፣ አንቺ ዝም ብትዪም እኔ እናገራለሁ።»

ነጠላዋን ፊቷ ላይ አድርጋ አለቀሰች። እኔ ደግሞ ትናንት ራሴን በመነቅነቄ አፈርሁ።

በሦስተኛው ቀን ችሎቱ ጢም ብሎ ሞላ። ጉሉማ ብድግ አለ። «ክቡር ዳኛ፣ ከመፍረድዎ በፊት በራሴ ላይ የምሰጠው የምስክርነት ቃል አለኝ። ባለጉዳይዋ እንድትሰማው በኦሮምኛ ልናገርና አቶ ወልደዮሐንስ ይተርጉሙልኝ።»

ዳኛው ግራ ተጋብተው አዩኝ። ከእኔ የተሻለ አማርኛ የሚያውቅ ሰው በእኔ አስተርጉሙልኝ እያለ ነው። የሆነው ሆኖ ፈቀዱ።

«ይህን ወረቀት የጻፈው ጸሐፊዬ ነው» አለ ጉሉማ። «አሻራዋን ባዶ ወረቀት ላይ ያስደረግኋት ግን እኔ ነኝ። መንገድ ላስቀርላት ብዬ ነው። ያላለችውን ሁሉ አለች ሊያሰኝ የሚችል ወረቀት ሳጥኔ ውስጥ አስቀምጬ ደግ ሠራሁ እያልሁ ኖሬያለሁ። ድርቤ ከማንም ጋር አልታረቀችም። ጥፋቱ የእኔ ነው።»

አንዲት ቃል ሳልቀንስ ተረጎምሁ። ከዚያን ቀን ወዲህ የማንንም ባለጉዳይ ነገር ቆርጬ አላውቅም።

ደረሳ ተነሥቶ «ለምርጫ ብሎ የፈጠረው ውሸት ነው!» አለ። ጉሉማ የተረፉትን ሁለት ወረቀቶች አውጥቶ ከደረሳ ወረቀት ጎን ዘረጋቸው። ወረቀቱ አንድ ዓይነት ነው፤ የእርሳሱ ክብ በሦስቱም ላይ አንድ ቦታ ነው፤ የማጭዱ ጠባሳም አለ። ተድላ ተጠርቶ ሲጠየቅ ሁሉንም ተናዘዘ። ዳኛው የእርቁን ወረቀት ውድቅ አድርገው የወንዝ ዳሩን መሬት ለድርቤ ፈረዱ። ደረሳና ተድላ ሐሰተኛ ሰነድ በማዘጋጀት እንዲከሰሱ አዘዙ። ጉሉማንም ለስድስት ወር ከጥብቅና አገዱት።

ፍርዱን ለድርቤ ስነግራት ሁለት ጊዜ አስደገመችኝ። ሁለት ሴቶች አቅፈው ሳሟት። የታገደው ጠበቃ ግን የፈረዱለት ያህል ደስ ብሎት እየሳቀ ወጣ፤ እንደዚያ ቀን ሲስቅ አይቼው አላውቅም።

ሥራ ስለሌለው ጊዜ ነበረው። በገበያ ቀን ሳጥኑን አውጥቶ አግዳሚው አጠገብ አኖረና ደንበኞቹን በየስማቸው እየጠራ ወረቀታቸውን ይመልስላቸው ጀመር። «ይህ አፍህ ነው፤ ራስህ ቅደደው» ይላል። የሩቁን አገር ሰው ደግሞ በበቅሎ እየሄደ ኪራሙና አርጆ ድረስ አደረሰላቸው።

አባ ዋቅወያ የሚባሉ ሽማግሌ ግን አልቀድም አሉ። «አምኜ የሰጠሁህን ለምን ትመልስልኛለህ? ተጣላን እንዴ?»

«አባ፣ ያመኑት እኔን ነው። ነገ እኔ ብሞት ይህን ሳጥን ማን ይከፍተዋል?»

ሽማግሌው አሰብ አደረጉ። «ወንድምህ።»

«ወንድሜንስ ያውቁታል?»

«አላውቀውም» አሉና ወረቀቱን ተቀብለው አንድ በአንድ ቀደዱ። ከዚያ በከዘራቸው ከመንገዱ ማዶ ያለውን የሌላ ጠበቃ ቢሮ አመለከቱ። «በል እስቲ፣ እዚያም ቤት ሦስት አሻራ አለኝ።» አግዳሚው ላይ የነበረው ሰው ሳቀ፤ ስቆ ሲያበቃ ግን ተከትሏቸው ተሻገረ። በዚያ ሳምንት ወረቀቱን መልሱልኝ የሚል ባላገር ያልቆመበት የጠበቃ በር በነቀምቴ አልነበረም።

ተቀናቃኞቹ ጉሉማን «ባዶ ወረቀት» የሚል ቅጽል ስም አወጡለት። ሳያስቡት በጀው፤ በየገበያው «ባዶ ወረቀት የሚሉት ማነው?» ብሎ የጠየቀ ሁሉ ታሪኩን ሰማ። ሰኔ ላይ ዝናብ እየወረደ ድምፅ ተሰጠ። ቆጠራው ሲያልቅ ጉሉማ ከተከታዩ በእጥፍ በልጦ ተገኘ፤ በደረሳ መንደር ባለው የምርጫ ጣቢያ እንኳ አሸነፈ። አባ ታፋ በሕዝብ ፊት ቆመው፣ «እኔ ዝም በል ብዬው ነበር። ቢሰማኝ ኖሮ ዛሬ ባላሸነፈም፤ ቢያሸንፍም አንድ ፋይዳ ባልነበረው» አሉ። በዕድሜዬ ሽማግሌ ሰው ስሕተቱን በአደባባይ ሲያምን ያየሁት ያን ቀን ነው፤ አክብሮቴ ጨመረ እንጂ አልቀነሰም።

ታሪኩ እዚህ ላይ ቢያልቅ ደስ ባለኝ። ነገር ግን ልማድ ቶሎ አይለቅም። በሁለተኛው ዓመት ምክር ቤቱ ሲዘጋ ጉሉማ ወደ ኑኑ ቁምባ መጣ። ሕዝቡ ዳኛ በወር አንድ ሳምንት እዚያው መጥቶ እንዲያስችል የሚጠይቅ አቤቱታ ሊያቀርብ ነው። ያ ሁሉ ባዶ ወረቀት የመጣው ከመንገዱ ርቀት አይደል? አራት መቶ ያህል ሰው ገበያው ሜዳ ላይ ተሰበሰበ። አቤቱታውን አዲሱ ጸሐፊው ጽፎታል። ሰማዩ ጠቁሯል፤ መኪናውም ይጠብቃል።

«ጽሑፉን አይቼዋለሁ፣ ደኅና ነው» አለ እንደራሴው። «ዝናቡ ሳይመጣ ጣታችሁን አሳርፉ።»

ሰዉ መሰለፍ ጀመረ። ድርቤ ግን ከመካከል ተነሣች።

«ኑፍ ዱቢሲ» አለች፤ «አንብብልን» ማለቷ ነው።

የተሰለፈው ሁሉ ዞሮ አያት። የጉሉማን ፊት አየሁት፤ አልተቆጣም። አንገቱን ደፍቶ «እውነትሽን ነው፣ ሃርሜ» አላት። ከዚያ እያንዳንዱን አንቀጽ በኦሮምኛ ያነብ ጀመር። ሦስተኛው ላይ ሲደርስ «ዳኛው በማይመጣበት ወር በአካባቢው ባላባት ብይን እንስማማለን» የሚል ተገኘ። ጸሐፊው ጨዋነት መስሎት የጨመረው ነው። ሜዳው ተንጫጫ፤ «ይሰረዝ!» ተባለ። ጉሉማ በራሱ እጅ ሰረዘው። ዝናቡ ወረደ፤ አንድም ሰው ንቅንቅ አላለም። ወረቀቱን በጃንጥላ ከልለን የመጨረሻው አንቀጽ ከተነበበ በኋላ ጣት ማሳረፉ ተጀመረ።

ይህን የምታነቡ ወገኖቼ፣ ማንበብ የማይችል ዘመድ ካላችሁ ይህን ንገሩት፤ «አንብብልኝ» ማለት ስድብ አይደለም። ሲባል የሚቆጣ ጸሐፊ ካለ ቁጣው ምክንያት አለው፤ ዘመዳችሁ ጣቱን ሳያሳርፍ ወረቀቱን ይመልስለት። ማንበብ የምትችሉ ደግሞ «እኔ አላጭበረብርም» አትበሉኝ። ጉሉማም አላጭበረበረም፤ ድርቤን መሬት አልባ ሊያደርጋት የነበረው ሳጥን ግን የጉሉማ ነው።

አቤቱታው አዲስ አበባ ሲቀርብ አንድ ባለሥልጣን ወረቀቱን አገላብጠው፣ «ክቡር እንደራሴ፣ ይህ ሁሉ አሻራ ተደርድሯል። ለመሆኑ ባላገሩ የተጻፈውን አውቆታል ወይስ እርስዎ ጽፈው አስነኩት?» አሉት። ጉሉማ ወረቀቱን ሳያስገለብጥ ከነስርዙ ነበር ይዞት የሄደው። የተሰረዘውን በጣቱ አሳያቸው። «ይህን ያጻፍነው እኛ ነን፤ ያሰረዙን እነርሱ ናቸው» አለ። ባለሥልጣኑ ስርዙን ደግመው አይተው ፈረሙ።

በዓመቱ ጥር ላይ ችሎቱ ለመጀመሪያ ጊዜ ኑኑ ቁምባ ዋለ። እኔም አስተርጓሚ ሆኜ ሄድሁ። ገና ጠዋት ስንገባ ድርቤ ንጹሕ ልብሷን ለብሳ የፊተኛው አግዳሚ ላይ ተቀምጣ አገኘኋት።

«አዴ ድርቤ፣ ደግሞ ምን ክስ ገጠመሽ?» አልኋት።

«ምንም ክስ የለኝም» አለች። «ያሰረዝነው ነገር ተመልሶ እንዳይገባ ልጠብቅ ብዬ ነው።»